ጌሙ አልከፈት ሲል፦ ከካሴት እስከ ታብሌት

መገናኛ ባለችው የጥገና ጠረጴዛዬ ላይ፣ ከተሰነጠቀ ስክሪንና ቻርጅ ከማይዝ ባትሪ ቀጥሎ በብዛት የምሰማው ቅሬታ «ጌሙ አልከፈት አለ» የሚል ነው። ታብሌቱ ይበራል፣ ቪዲዮ ያሳያል፣ ድምፁም ደህና ነው። ልጁ ጌሙን ሲነካው ግን ስክሪኑ ይጠቁርና ወዲያው ወደ መነሻው ይመለሳል። ብዙ ወላጆች ይህን የዘንድሮ ልጆች ያመጡት ጣጣ አድርገው ያዩታል። ነገሩ ግን የቆየ ነው። የቤት ውስጥ ጌም ከመጣ ጀምሮ አልከፈት የሚል ጌም አለ፤ እሱን የሚያስነሳ እጅም አብሮ አለ።

ይህ ጌም የማስነሳት ሙያ የራሱ ታሪክ ያለው ነው። እኔ ታሪኩን የማየው እንዲህ ነው፦ የማይከፈት ጌም ሁልጊዜ አንድ የጎደለው ነገር አለ፤ ያ የጎደለው ነገር ደግሞ ከጊዜ ወደ ጊዜ ከጠጋኙ እጅ እየራቀ ሄዷል። መጀመሪያ በጣት የሚነካ ብረት ነበር። ዛሬ ባሕር ማዶ ያለ ኮምፒውተር የሚሰጠው ፈቃድ ሆኗል። እንዴት እዚህ እንደደረስን በቅደም ተከተል ልተርከው። ዓመታቱን የምጠቅሰው በፈረንጆች አቆጣጠር ነው፤ የእኛን ስጠቅስ ዓ.ም. እላለሁ።

በእኔ ዕድሜ ያለ የአዲስ አበባ ልጅ መጀመሪያ የተማረው ጥገና ካሴት አውጥቶ መክተት ነው። የጃፓኑን የኒንቴንዶ ፋሚኮም አስመስሎ የተሠራው፣ ከቴሌቪዥን ጋር የሚሰካው ጌም እኛ ሰፈር አንድ ሁለት ቤት ይገኝ ነበር። ካሴቱ ገብቶ ቴሌቪዥኑ ግራጫ ሆኖ ከቀረ መፍትሔው የታወቀ ነው፦ ይወጣል፣ ከሥሩ ባለው ክፍት በኩል እፍ ይባላል፣ ተመልሶ ይከተታል። አብዛኛውን ጊዜም ይነሳል።

በሌላውም ዓለም ልጆች የሚያደርጉት ይህንኑ ነበር። ኒንቴንዶ በ1985 ለአሜሪካ ገበያ ያወጣው ማሽን ካሴቱን የሚይዘው በ72 የብረት ጥርሶች ነው። ጥርሶቹ ሲላሉ ወይም ሲቆሽሹ፣ ማሽኑ ውስጥ ያለው የቁጥጥር ቺፕ ካሴቱ ውስጥ ካለው አቻው ጋር መገናኘት ያቅተዋል። ያን ጊዜ ማሽኑ በየሴኮንዱ ራሱን እንደ አዲስ ያስነሳል፤ ስክሪኑም ብልጭ ድርግም ይላል። ቺፑ የተቀመጠው ያልተፈቀደ ካሴት እንዳይሠራ ነበር፤ የቆሸሸ ካሴትንም አብሮ ከለከለ። ፈውሱ ትንፋሹ ሳይሆን ማውጣትና መመለሱ ነው፤ ብረቱን ከብረት ያገናኘው እሱ ነው። የትንፋሽ እርጥበትማ ውሎ አድሮ ብረቱን ያበላሸዋል፤ ትክክለኛው መድኃኒት አልኮል የነካ ጥጥ ነበር። ያም ሆኖ የጎደለው ነገር ዓይናችን ፊት ስለነበር አሥር ዓመት ያልሞላው ልጅ ራሱ ይደርስበት ነበር።

ቀጥሎ ሲዲ መጣ። ሶኒ ፕሌይስቴሽንን በ1994 ጃፓን ውስጥ ለገበያ አቀረበ፤ እኛም ዘንድ በየጨዋታው የሚከፈልበት ፕሌይስቴሽን ቤት ከጊዜ በኋላ የሰፈር መዋያ ሆነ። በመጀመሪያዎቹ ማሽኖች ሌንሱን ተሸክሞ የሚንሸራተተው ክፍል ፕላስቲክ ነበር፤ የተቀመጠውም ከኃይል ማከፋፈያው ሙቀት አጠገብ ነው። ፕላስቲኩ ሲበላ ሌንሱ ዘመም ይላል፤ ሲዲውን ማንበብ ያቅተዋል። የቤቶቹ ባለቤቶች ማሽኑን በጎኑ አቆሙት፤ ሲብስበትም ገለበጡት። ሲገለበጥ ሌንሱ በራሱ ክብደት ወደ ቦታው ይመለሳል። ቀኑን ሙሉ ተገልብጦ የሚሠራ ማሽን ለእኛ ብርቅ አልነበረም። ይህን ከመጽሐፍ የተማረ አልነበረም፤ እንጀራው በዚያ ማሽን ላይ የሆነ ሰው ነው የደረሰበት።

ኮምፒውተር ላይ ግን የጎደለው ነገር ከዓይን ተሰወረ። በዶስ ዘመን ፕሮግራሞች ሁሉ የሚሻሙበት ዋናው ሚሞሪ 640 ኪሎባይት ነበር። የማውሱ፣ የሲዲ ማጫወቻውና የድምፅ ካርዱ ሾፌሮች፣ ማለትም መሣሪያዎቹን የሚያንቀሳቅሱት ትንንሽ ፕሮግራሞች፣ የሚቀመጡት እዚያው ላይ ነው፤ የተረፈው ለጌሙ ካልበቃ ጌሙ አይነሳም። ባለሙያው ኮንፊግ ሲስ እና አውቶኤግዜክ ባት የሚባሉትን ሁለት ትንንሽ ፋይሎች ይከፍትና አንዷን መስመር ያነሳል፣ የሌላዋን ቦታ ይቀይራል፤ ጥቂት ኪሎባይት ያተርፍና ኮምፒውተሩን እንደገና ያስነሳል። ማይክሮሶፍት በ1993 ባወጣው ዶስ 6 ውስጥ ይህንኑ የሚያከናውን ሜምሜከር የተባለ ፕሮግራም ጨመረ። በዚያው ዓመት መጨረሻ የወጣው ዱም የተባለው ጌም ደግሞ 4 ሜጋባይት ራም ይጠይቅ ስለነበር የ640 ኪሎባይቱን አጥር የሚያሻግረውን ፕሮግራም ራሱ ይዞ ነው የመጣው።

የ1994ቱ የፈረንጆች ገና በዚህ ታሪክ ውስጥ ትልቅ ቦታ አለው። ዲዝኒ ከአንበሳው ንጉሥ ፊልም የተወሰደ የልጆች ተረት በሲዲ አወጣ፤ ብዙ ቤተሰብም ለልጆቹ ስጦታ ገዛው። ሲዲው ዊንጂ የተባለውን የማይክሮሶፍት የሥዕል ማሳያ ይጠቀም ነበር። ዊንጂ ግን በብዛት ተሸጦ ከነበረው ከኮምፓክ ፕሬዛሪዮ ኮምፒውተር የሥዕል ሾፌር ጋር አልተስማማም። ስጦታቸውን ከፍተው የተቀመጡ ልጆች ፊት ኮምፒውተሩ ቀጥ አለ፤ የዲዝኒም ስልክ በተቆጡ ወላጆች ተጨናነቀ። ማይክሮሶፍት በ1995 ዳይሬክትኤክስን እንዲያወጣ ከገፋፉት ምክንያቶች አንዱ ያ ገጠመኝ ነው። ዳይሬክትኤክስ ጌም ሠሪው የእያንዳንዱን ካርድ ጠባይ ማወቅ ሳያስፈልገው ከዊንዶውስ ጋር ብቻ እንዲግባባ አደረገው። ይህን ታሪክ ለወላጆች የምነግረው በምክንያት ነው። የአንድ ልጅ ጌም አለመከፈት ተራ ነገር አይደለም፤ በቁም ነገር ሲያዝ ትልቅ ኩባንያ አሠራሩን እስኪቀይር ያደርሳል።

ወደ ስልክ እንምጣ። ኖኪያ 6110 በ1997 ስኔክ የተባለውን የእባብ ጌም ይዞ ሲወጣ አልከፈት የሚል ነገር አልነበረም፤ እባቡ አብሮ የተሠራ ነውና። ጣጣው የተጀመረው ጌም ከውጭ መጫን ሲቻል ነው። ጃቫ ጌም የምንለው ከስልክ ወደ ስልክ በብሉቱዝ ይተላለፍ ነበር፤ ሱቆችም «ዘፈንና ጌም በሚሞሪ እንጭናለን» የሚል ወረቀት ይለጥፉ ነበር። እኔም ወደ ሙያው የገባሁት በዚያ በር ነው። ከመጀመሪያዎቹ የኖኪያ ሲሪዝ 40 ስልኮች መካከል ከ64 ኪሎባይት በላይ የሆነ ጌም የማይቀበሉ ነበሩ። ስክሪኑም የአንዱ 128 በ128፣ የሌላው 176 በ208፣ የሌላው 240 በ320 ነው። ስለዚህ አንድ ጌም ለየስልኩ እየተለየ ይሠራ ነበር። ደንበኛው ስልኩን ሲሰጠን መጀመሪያ የምናየው ሞዴሉን ነበር፤ ለዚያ ስክሪን የተሠራውን ከፎልደራችን መርጠን እንጭንለታለን። የጎደለው ልክ ነው፤ ልኩ ደግሞ እኛ ጋ ነበር።

ቀጥሎ የመጣው ታብሌት ነው፦ አይፓድ በ2010 ኤፕሪል፣ አንድሮይድ 3ን ይዞ የመጣው የሞቶሮላ ዙም ደግሞ በ2011 መጀመሪያ ለገበያ ቀረቡ። ዙም በአገራችን የታብሌት ታሪክ ውስጥ ስሙ የሚነሳበት ምክንያት አለው። ዋን ላፕቶፕ ፐር ቻይልድ የተባለው ድርጅት በ2012 ወንጪና ወለንጪቲ አካባቢ ባሉ ሁለት መንደሮች፣ አስተማሪ ሳይመድብ፣ ማንበብ ለማይችሉ ልጆች ዙም ታብሌት አደለ። ባትሪው የሚሞላው በፀሐይ ኃይል ነበር። በየሳምንቱ አንድ ባለሙያ እየሄደ የሚሞሪ ካርዱን ይቀይር ነበር፤ ልጆቹ የነኩትን ሁሉ ማወቅ የሚቻለው ከካርዱ ነውና። ድርጅቱ እንዳስታወቀው ልጆቹ ማብሪያውን በደቂቃዎች ውስጥ አገኙት፤ ከወራት በኋላ ደግሞ ተዘግቶ የተሰጣቸውን ካሜራ ራሳቸው ከፈቱት። እኔ ይህን የምወስደው እንደ ተአምር አይደለም። ታብሌቱ ገና ለሚነካካው ሰው ክፍት እንደነበር የሚያሳይ ምስክር ነው።

ወደ እኛ ጠረጴዛ የሚመጣው ግን በብዛት ርካሹ ባለ 7 ኢንች የቻይና ታብሌት ነበር። በ2012 የወጣው ኦልዊነር ኤ13 የተባለው ባለ አንድ ኮር ቺፕ ዋጋውን አወረደው፤ ብዙውን ጊዜ 512 ሜጋባይት ራምና 4 ጊጋባይት ማስቀመጫ ይኖረዋል። ከዚያ ላይ ሲስተሙ የራሱን ሲወስድ የሚተርፈው ጥቂት ነው። በዚያው ዓመት ማርች ወር ጉግል የጌሞችን የመጠን ገደብ ከፍ አደረገ። ዋናው ፋይል ከ50 ሜጋባይት ሳያልፍ፣ እያንዳንዳቸው እስከ 2 ጊጋባይት የሚሆኑ ሁለት ተጨማሪ ፋይሎች ተፈቀዱ። ኦቢቢ የምንለው ፋይል የመጣው ያኔ ነው፤ የሙያችንም ወርቃማ ዘመን አብሮ መጣ።

ያ ሥራ ምን ይመስል እንደነበር ላሳይ። አንድሮይድ የሚለውን ፎልደር ስትከፍት ኦቢቢ የሚል ሌላ ፎልደር ታገኛለህ። እዚያ ውስጥ በጌሙ የውስጥ ስም ፎልደር ይከፈታል፤ የውስጥ ስም የምለው ኮም ብሎ ጀምሮ በነጥብ በነጥብ የሚቀጥለውን ነው። ትልቁ ፋይል የሚቀመጠው እዚያ ነው። የራሱ የፋይሉ ስም ሜን ብሎ ይጀምርና የቅጂውን ቁጥር ያስከትላል፤ ከዚያ ያንኑ የውስጥ ስም ይደግማል። አንዲት ቁጥር ከተዛባች፣ ወይም ጌሙ አዲስ ሆኖ ፋይሉ የአሮጌው ቅጂ ከሆነ፣ ጌሙ ከአጠገቡ ያለውን ፋይል አያየውም። ስክሪኑ ይጠቁራል፣ ወይም «ዳታ ላውርድ» ብሎ ይጠይቃል። ልጁ ፋይሉ እዚያ እንዳለ ያያል፤ ለምን እንደማይነሳ ግን አይገባውም። እኛ ቁጥሯን እናስተካክላለን፤ ጌሙ ይነሳል።

በዚህ ላይ የሥዕል ቺፖቹ ልዩነት ነበር፦ ፓወርቪአር፣ አድሬኖ፣ ማሊና ቴግራ። እያንዳንዱ ሥዕልን አሽጎ የሚያስቀምጥበት የየራሱ ዘዴ ነበረው። ለቴግራ የታሸገ ዳታ ማሊ ያለው ታብሌት ላይ ሲጫን ጌሙ ይዘጋል፤ ካልተዘጋም ሰዎቹና መኪኖቹ ነጭ ወይም ጥቁር ሆነው ይመጣሉ። ስለዚህ ሃርድ ዲስካችን ላይ የአንድን ጌም ዳታ በአራት ፎልደር ለይተን እናስቀምጥ ነበር። ሙያውን ያስተማረኝ ሰው ታብሌት ሲሰጠው ሁልጊዜ መጀመሪያ የሚጠይቀው «ቺፑ ምንድን ነው?» ብሎ ነው፤ ያን ሳያውቅ ጌም ጭኖ ደንበኛ አይሸኝም።

ከዚያ በኋላ በሮቹ ተራ በተራ መዘጋት ጀመሩ። አፕል በ2017 ሴፕቴምበር ባወጣው አይኦኤስ 11 ለአሮጌዎቹ ባለ 32 ቢት ቺፖች የተሠሩ አፖችን ጨርሶ አቆመ። ሠሪዎቻቸው የተዉአቸው ብዙ ጌሞችም አብረው ቀሩ፤ ፈጣሪው በ2014 ከገበያ ያነሳው ፍላፒ በርድ አንዱ ነው። ነገሩ በሁለቱም ወገን ይጎዳል፦ አዲሱ አይፓድ አሮጌውን ጌም አይቀበልም፤ አሜሪካ ያለ ዘመድ የላከው አራተኛው ትውልድ አይፓድ ደግሞ አይኦኤስ 10 ላይ ስለቆመ አዲሱን አይቀበልም። ጉግልም ከ2019 ኦገስት ጀምሮ ሠሪዎች የ64 ቢት ቅጂ እንዲያቀርቡ አዘዘ። በ2022 የወጣው የጉግል ስልክ ፒክስል 7 ለ32 ቢት የተሠራን አፕ አያስነሳም። በ2023 የመጣው አንድሮይድ 14 ደግሞ ከአንድሮይድ 6 በፊት ለነበረው ዘመን የተሠራን አፕ እንዳይጫን ይከለክላል። እያንዳንዱ ውሳኔ የደኅንነትና የፍጥነት ምክንያት አለው። ውጤቱ ግን የጎደለው ነገር ከፎልደራችን ወጥቶ ቺፑ ውስጥ መግባቱ ነው፤ ቺፑን ደግሞ መቀየር አንችልም።

ፋይሎቹም ከእጃችን ወጡ። በ2020 አንድሮይድ 11 ሲመጣ ተራ የፋይል ማስተዳደሪያ አፖች የኦቢቢውን ፎልደር እንዳይነኩ ተከለከሉ። በ2021 ኦገስት ደግሞ አዳዲስ አፖች ለፕሌይ ስቶር የሚቀርቡበት መልክ ተቀየረ፦ መደብሩ ለየመሣሪያው የሚስማማውን ቁራጭ ብቻ እየለየ ይልካል። ይህ የእኛን አገር ልማድ ክፉኛ ጎዳው። ልጆቻችን ጌም የሚቀባበሉት በዜንደርና በሼርኢት በሚባሉ የፋይል ማስተላለፊያ አፖች ነው፤ ዳታ ውድ ነውና አንዱ ያወርዳል፣ ሰፈሩ ይካፈላል። አሁን ግን ብዙ ጊዜ የሚተላለፈው ዋናው ቁራጭ ብቻ ሆኖ ይቀራል፤ ለዚያ ቺፕ የተሠራው ክፍል የለም። ጌሙ የተጫነ ይመስላል፤ ሲነካ ይዘጋል። «ጓደኛዬ ላይ ይሠራል እኮ!» ይላል ልጁ። እውነቱን ነው፤ የጓደኛው ታብሌት ላይ ሁሉም ቁራጭ አለ።

አንዳንዴ ጥፋቱ ጌሙም ታብሌቱም ላይ አይደለም። በ2021 ማርች 23 ጧት፣ አንድሮይድ ሲስተም ዌብቪው የተባለው፣ አፖች ድረ ገጽ የሚያሳዩበት ክፍል በተበላሸ አፕዴት ምክንያት በዓለም ዙሪያ ብዙ አፖችን ይዘጋ ጀመር። ሰው ያልነካው ስልክ ጧት ሲነሳ ታሞ ተገኘ። አፕዴቱን ማንሳት ይበቃ ነበር። ይህን ያላወቀ ጠጋኝ ግን ታብሌቱን ፍላሽ ያደርጋል፣ ማለትም ሲስተሙን እንደ አዲስ ይጭናል፤ ፎቶውንም ትዝታውንም ያጠፋል።

ከሁሉ ይበልጥ የኛ የሆነው ችግር ደግሞ የቀን ነው። አንድ አባት የልጅ ልጃቸውን ታብሌት ይዘው መጡ። ኢንተርኔት አለ፣ ቦታ አለ፣ ጌሙ ግን «መገናኘት አልቻልኩም» ብሎ ይዘጋል። ከላይ ያለውን ቀን ሳይ ዓመቱ 2011 ይላል።

«አባባ፣ ቀኑን ማን ቀየረው?»

«እኔ ነኝ ልጄ። የፈረንጁን ቀን ምን ላድርገው? በዓሉን፣ ጾሙን የማውቀው በእኛው ነው።»

ዓመቱ በእርግጥም 2011 ዓ.ም. ነበር። ታብሌቱ ግን የሚያነበው የፈረንጆቹን 2011 አድርጎ ነው። ጌሙ ከሰርቨሩ፣ ባሕር ማዶ ካለው ኮምፒውተሩ፣ ጋር ሲገናኝ የሚቀበለው የማረጋገጫ ሰርተፍኬት የሚጀምርበትና የሚያበቃበት ቀን አለው። በታብሌቱ ሰዓት ሰርተፍኬቱ ገና ሊጀምር ዓመታት ይቀሩታል፤ ስለዚህ ሐሰተኛ ነው ብሎ ይጥለዋል። ቀኑን መለስኩላቸው፤ የኢትዮጵያን ዘመን አቆጣጠር የሚያሳይ አፕም ጫንኩላቸው። ጌሙ እዚያው ተከፈተ፤ እሳቸውም ጾማቸውን አላጡም። ባሕር ማዶ የተጻፈ የጥገና መመሪያ ይህን አይነግርህም፤ እዚህ ሀገር የሚሠራ ሰው ግን ማወቅ ግዴታው ነው።

የመጨረሻው ርቀት ሰርቨሩ ነው። ኒንቴንዶ በ2016 ለስልክና ለታብሌት ያወጣው ሱፐር ማሪዮ ራን ብቻውን ለሚጫወት ሰው እንኳ ያለ ኢንተርኔት አይከፈትም ነበር። ይህ አካሄድ እየተለመደ መጣ። በ2020 ጁን መጨረሻ በአገራችን ኢንተርኔት ለሳምንታት ሲቋረጥ፣ በወረርሽኙ ምክንያት ትምህርት ቤት ተዘግቶባቸው ቤት የዋሉ ልጆች እጅ ላይ ያሉት ታብሌቶች ሁለት ተከፈሉ፦ ብቻቸውን የሚነሱ ጌሞች ያሏቸውና የሌሏቸው። የኋለኞቹን ይዞ ለመጣ ወላጅ ልንሠራለት የምንችለው አልነበረም። ሰርቨሩ ለዘለዓለም ሲዘጋ ደግሞ ተስፋም የለም። በ2024 ማርች 31 ዘ ክሩ የተባለው የኮምፒውተርና የኮንሶል የመኪና ጌም ሰርቨሩ ሲዘጋ በገንዘባቸው የገዙት ሁሉ አጡት። ስቶፕ ኪሊንግ ጌምስ የተባለው ዘመቻ የተነሳው በዚያ ሳቢያ ነው፤ በ2025 ጁላይም ለአውሮፓ ኅብረት ያቀረበው አቤቱታ ከአንድ ሚሊዮን ፊርማ አለፈ። ቪዲዮ ጌም ሂስትሪ ፋውንዴሽን በ2023 ባወጣው ጥናት ከ2010 በፊት አሜሪካ ውስጥ ከወጡ ጌሞች 87 በመቶው በጥናቱ ጊዜ በገበያ እንደማይገኙ ገልጿል።

ይህ ሁሉ ሆኖም ሙያው አልሞተም፤ ሥርዓቱ ተቀየረ እንጂ። ዛሬ አብረውኝ የሚሠሩትን ልጆች የማስተምረው ከቅርቡ ወደ ሩቁ መሄድን ነው። መጀመሪያ ማስቀመጫው ሞልቷል ወይ? ብዙው እዚያ ላይ ያበቃል። ቀጥሎ ቀኑ፣ ኢንተርኔቱ፣ ዌብቪው። ከዚያ ካሽ የሚባለው የጌሙ ጊዜያዊ ፋይል ይጸዳል። ዳታ ማጽዳት ግን ልጁ የደረሰበትን ደረጃ ሁሉ ሊያጠፋ ይችላልና ባለቤቱ ሳይጠየቅ አይነካም፤ አካውንት ላይ መቀመጡ አስቀድሞ ይታያል። ከዚያ ቅጂው ለቺፑ መስማማቱ ይመረመራል፤ ጌሙ ጠፍቶ ከመደብሩ በሙሉ ይወርዳል። ፍላሽ ማድረግ የመጨረሻው ነው። በየደረጃው የሚጠየቀው ጥያቄ ያው የጥንቱ ነው፦ ምን ጎደለ?

ለእኔ ከዚህ ታሪክ የሚወጣው ትምህርት ለሁለት ወገን ነው። ሙያ ላይ ላለን፦ አሮጌ ታብሌት ለመለዋወጫ ብቻ አይበተን። 32 ቢት የሚያስነሳ ጤነኛ መሣሪያ ከነጌሞቹ ቢቀመጥ ለነገ ልጆች የሚታይ ቅርስ ነው። ያገኘነውንም መፍትሔ በቃል ብቻ ሳይሆን በጽሑፍ እናስቀምጥ። ሁለተኛው ወገን ጌም የሚሠሩ ወጣቶቻችን ናቸው። ቅኔ ጌምስ የተባለው የአገራችን ጌም ሠሪ ከገበሬ የምታመልጠውን ዶሮ ኩኩሉ በተባለው ጌሙ ካሳየን ወዲህ በራሳችን ታሪክ የሚሠሩ ጌሞች እንደሚቻሉ አውቀናል። እነዚህን ልጆች የምለምናቸው አንድ ነገር ነው፦ ሥራችሁ ኢንተርኔት በሌለበት ይነሳ፣ በትንሽ ማስቀመጫ ይግባ፣ በአሮጌ ታብሌትም ይሞከር። የኢትዮጵያ ቀን የተሞላበት ታብሌት ላይም ይሞከር። ከሰርቨር የሚያስፈልገው ነገር ካለም፣ ሰርቨሩን የምትዘጉ ቀን ጌሙ ብቻውን የሚቆምበትን ቅጂ ለተጫዋቹ ስጡት። ያን ካደረጋችሁ የጎደለው ነገር ወደ ጠጋኙና ወደ ልጁ እጅ ይመለሳል፤ ሥራችሁም ከእናንተ በኋላ የሚያስነሳው ሰው አያጣም።